ቅድመ አያቷ ኮሪያ ዘምተው ነበር፤ ለልጄ ምን ልንገራት?

ሰላም ለሁላችሁ። ልጅ ያላችሁ፣ ወይም በቤታችሁ ዘማች የነበረ ሰው ያላችሁ ብትመልሱልኝ ደስ ይለኛል።

ልጄ 11 ዓመቷ ነው። የእናቴ አባት ኢትዮጵያ ለኮሪያ ጦርነት ከላከችው ከቃኘው ሻለቃ ጋር የዘመቱ የክብር ዘበኛ (የንጉሡ ጠባቂ ጦር) ወታደር ነበሩ። ልጄ አላገኘቻቸውም፤ ሳትወለድ ነው ያረፉት። በቅርቡ እናቴ ቤት የልብስ ሳጥን ስናስተካክል ሜዳሊያቸውንና አንድ ፎቶ አገኘች። ፎቶው ላይ አምስት ወታደሮች በረዶ ላይ ቆመዋል። ከጀርባው በእርሳስ «ኮሪያ፣ ጥር 1945» ይላል። እሷ ኮሪያን የምታውቃት በድራማ ነው፤ እዚያ አገር ጦርነት እንደነበረ እንኳ አልሰማችም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጥያቄ አላቆመችም። ለምን ሄዱ? ከማን ጋር ተዋጉ? በረዶ አይተው ያውቁ ነበር? አንድ ማታ ልትተኛ ስትል ደግሞ አባባ ሰው ገድለው እንደሆነ ጠየቀችኝ። ነገ እናወራለን ብዬ መብራቱን አጠፋሁ።

እኔ የማስበውን ልናገር። ጀግና ነበሩ ብሎ ልጅን መሸኘት ቀላል ነው። ግን እንዲህ ብለን ስንሸኛት ልጅቷ የምታገኘው የመንገድ ዳር ሐውልት ነው። እኔ እኚህን ሰው እንድታውቃቸው ነው የምፈልገው። ምን ይበሉ ነበር፣ ምን ያስፈራቸው ነበር፣ ሲመለሱ ምን ጠበቃቸው። እናንተ ለልጆቻችሁ እንዴት ነገራችሁ? ከየትስ ጀመራችሁ?

ይህን ከለጠፍኩ በኋላ ብዙ ሰው መለሰ። መሃል ላይ ፀብም ስለገባበት ውይይቱ ረዝሟል። አሁን ለምትደርሱ ሰዎች መልሶቹን በተራ ቁጥራቸው በራሴ አነጋገር አስቀምጣለሁ። የሰው ቤተሰብ ገመና ስላለበት የማንንም ቃል እንዳለ አልገለበጥኩም።

1ኛው መልስ ከሐዋሳ ነው። ሰውየው በምርቃት ጀመረ። የእሱ አያት ኮሪያ አልሄዱም፤ በአምስቱ ዓመት ወረራ ጊዜ በሸዋ በኩል አርበኛ ነበሩ። ምክሩ አንድ ነው። ከመጽሐፍም ከኢንተርኔትም በፊት እናትሽን ጠይቂ አለኝ። የዘማች ልጆች ማንም ስላልጠየቃቸው ብቻ ይዘውት የተቀመጡት ብዙ ነገር አለ ይላል። ይህን መልስ መጀመሪያ በደንብ አላየሁትም ነበር፤ ኋላ ላይ ከሁሉም የጠቀመኝ እሱ ሆነ።

2ኛው ስለ ሜዳሊያው ነው። ሪባኑ ምን እንደሚመስል ጠየቀኝ። ሰማያዊና ነጭ፣ ቀጫጭን መስመር ያለው ነው አልኩት። የተባበሩት መንግሥታት የኮሪያ ሜዳሊያ ነው አለኝ። ከዚያ እኔ የማላውቀውን ነገር ጨመረ። ሜዳሊያው በየዘማቹ አገር ቋንቋ ነው የተሠራው። የግሪኩ በግሪክኛ፣ የቱርኩ በቱርክኛ፣ የእኛም በአማርኛ። ለልጅሽ ስጪያትና ራሷ ታንብበው አለ። ሰጠኋት። ጽሑፉ ደቃቅ ነው፣ ነሐሱም ጠቁሯል፤ በስልክ ካሜራ አጉልታ ፊደል በፊደል አነበበችው። ሳጥን ውስጥ ሲያዩት ዝም ብሎ የብረት ቁራጭ ነበር። እሷ ካነበበችው በኋላ ግን እናቴም መነጽሯን አድርጋ ልታየው መጣች። እቤት ሜዳሊያ ያላችሁ አውጡትና ገልብጣችሁ እዩት።

3ኛው አጭር ነው። ልጅ ናትና አታስጨንቂያት፣ ወጥ ቤት ነበሩ በያት ይላል። ከክፋት አይደለም፤ የራሱን ልጅ እንዲህ ነው ያሳደገው። በዚህ ግን አልተስማማሁም። አንድ ቀን ልጅቷ ታድግና የዘመቻ ወረቀታቸውን ታየዋለች። ያኔ እኔንም አታምነኝም፣ እሳቸውንም እንደገና ታጣቸዋለች። ከታች ብዙ ሰው ይህን መልስ እየጠቀሰ ተቆጥቷል፤ አንዳንዱ ቁጣ ከልክ ያለፈ ነበር።

4ኛው ፎቶውን ይዞ ተነሳ። ይህን ሰው ማመስገን አለብኝ። ጥር 1945 ከሆነ ሁለተኛው ቃኘው ናቸው አለ። የመጀመሪያው ቃኘው ከጅቡቲ በመርከብ ተነስቶ ፑሳን የደረሰው በሚያዝያ 1943 ነው። ሁለተኛው በመጋቢት 1944 ገብቶ ተካው። ሦስተኛው በሚያዝያ 1945 መጣ። ተኩስ የቆመው ሐምሌ 20 ቀን 1945 ነው። ስለዚህ በፎቶው ላይ ያለው በረዶ የጦርነት በረዶ ነው፤ ገና ስድስት ወር ጦርነት ቀርቷል። ሁለተኛው ሻለቃ ብረት ሦስት ማዕዘን በሚባለው አካባቢ ነበር የተሰለፈው፤ ከአሜሪካ 7ኛ ክፍለ ጦር፣ ከ32ኛው ሬጅመንት ጋር ተደርቦ። በአንድ መስመር የእርሳስ ጽሑፍ ይህን ሁሉ አወጣ። ልጄ ከጎኔ ቁጭ ብላ ነበር የምታነበው። ወዲያው ካርታ ላይ ቦታውን ፈለገች።

5ኛው ለ4ኛው ማስጠንቀቂያ ነው፣ በትህትና። የዘመን አቆጣጠሩን አስቀድማችሁ አረጋግጡ ይላል። እኛ 1945 ስንል ፈረንጅ 1952 እና 1953 ይላል። ግን አንዳንዱ ዘማች ከአሜሪካኖች ጋር ስለነበረ በፈረንጅ ነው የጻፈው። የእነሱ ቤት ፎቶ ላይ 52 የሚል ብቻ ስለነበረ ቤተሰቡ ለረጅም ጊዜ ሲከራከር ኖሯል። ጽሑፉ በአማርኛ ከሆነና ወሩ ጥር ከተባለ ግን ችግር የለውም አለ። 4ኛውም ተስማማ።

6ኛዋ ከቨርጂኒያ ናት። ልጆቿ አማርኛ ይሰማሉ እንጂ አያነቡም። ዋሽንግተን የሚገኘው የኮሪያ ጦርነት መታሰቢያ ወስዳቸው ነበር። 19ኙን የወታደር ሐውልቶች አይተው ሊሄዱ ሲሉ ልጇ የጠርዙን ድንጋይ ማንበብ ጀመረ። የ22ቱ አገሮች ስም በፊደል ተራ ተቀርጿል። ኢትዮጵያ ጋ ሲደርስ ቆመ። ትምህርት ቤት ስለዚህ ጦርነት ሲማር የአገሩ ስም አልተነሳም ነበርና መምህሩ ጋ ሄዶ ነገረ። ለእሱ አያቱን የሰጠው ይህ ድንጋይ ነው ትላለች።

7ኛው ጋ ሲደርስ ወሬው ከረረ። ጸሐፊው የሌላ ሰው ጦርነት ነበር ይላል። ንጉሡ ከአሜሪካ ጋር ለመወዳጀት የድሃ ልጅ ላኩ፤ ልጅሽን የምታስተምሪያት ከሆነ ይህን አስተምሪያት አለ። ቃሉ ከዚህም የባሰ ነበር።

8ኛው እሱን ቀጥታ ተናገረው። ታሪክ ሳታውቅ አትጻፍ ብሎ ነው የጀመረው። በሰኔ 1928 ንጉሡ ጄኔቭ ላይ ቆመው ለዓለም መንግሥታት ማኅበር ሲጮኹ ማንም አልደረሰላቸውም። ተደፍራ ብቻዋን የቀረች አገር፣ ሌላው ሲደፈር ዝም ብትል ያኔ የጮኸችበት ነገር ምን ዋጋ አለው ይላል። ክርክሩ ጥሩ ነበር። መጨረሻ ላይ ግን የ7ኛውን ወላጆች ነካ፤ ያን መስመር አወያዩ ሰርዞታል።

9ኛው ገላጋይ ሆኖ መጣ። ሁለታችሁም የያዛችሁት እውነት ነው አለ። የጄኔቩ ቁስል እውነት ነው። ኤርትራ በፌዴሬሽን የተቀላቀለችው በመስከረም 1945 መሆኑ፣ ከአሜሪካ ጋር የመከላከያ ስምምነት የተፈረመው በግንቦት 1945 መሆኑም እውነት ነው። አስመራ የነበረው የአሜሪካ የመገናኛ ጣቢያ ቃኘው መባሉም በአጋጣሚ አልነበረም። ስለዚህ መንግሥት የራሱን ስሌት አስልቷል። ወታደሩ ደግሞ ቃለ መሐላውን ጠብቆ ሄዷል።

እኔ ይህን ለልጄ ነገርኳት፣ ከባድ ቃላቱን ትቼ። ገባት። አባባ ለምን እንደተላኩ እና አባባ ለምን እንደሄዱ ሁለት የተለያዩ ጥያቄዎች ናቸው አለችኝ። በዚህ ዕድሜ ይህን መሸከም አይችሉም የሚሉ ሰዎች ልጆችን የሚያውቁ አይመስለኝም።

10ኛው ቁጥር አመጣ። 6,037 ዘመቱ፣ 122 ሞቱ፣ 536 ቆሰሉ፣ የተማረከ የለም። 11ኛው አረመው። 6,037 የሚለው ከተኩስ ማቆሙ በኋላ የሄዱትንም ይጨምራል፤ ጦርነቱ ላይ የነበሩት 3,500 ያህል ናቸው አለ። የሞቱትም 121 ተብሎ የተጻፈበት ቦታ አለ፣ 122 የሚልም አለ። ምርኮኛ አለመኖሩ ላይ ግን ሁሉም ይስማማል። ሁለቱ ትንሽ ተጨቃጨቁና በሰላም ተለያዩ። 11ኛው በመሃል የጠቀሳት አንድ ነገር ልጄን ያዘቻት። የሞቱት ወታደሮች ኮሪያ አልቀሩም፤ አስከሬናቸው ተመልሶ ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል አርፏል። ፑሳን ባለው የተባበሩት መንግሥታት መቃብር ውስጥ የኢትዮጵያዊ መቃብር የለም። እኛ በካቴድራሉ ደጅ ስንት ጊዜ አልፈናል!

12ኛው አባት ነው፣ ልጁ 8 ዓመቱ ነው። የልጁ ቅድመ አያት ከቻይናና ከሰሜን ኮሪያ ወታደር ጋር ተዋጉ ብሎ ነገረው። በማግሥቱ ልጁ ሰፈራቸው መንገድ የሚሠሩትን ቻይናውያን ሲያይ ከአባቱ ኋላ ተደበቀ። ጠላት ናቸው ብሎ ነው። አባትየው ደነገጠ። ከዚያ ወስዶ ከአንደኛው ሠራተኛ ጋር አስተዋወቀው። ሠራተኛው በሰባራ አማርኛ አናገረውና ልጁ ሳቀ። የዚህ ሰው ነጥብ ልክ ነው ብዬ አምናለሁ። ጦርነቱ ያለቀ መሆኑን ካልነገርናቸው ልጆች እስከ ዛሬ የሚቀጥል ይመስላቸዋል።

13ኛዋ ነርስ ናት። 3ኛውን ጠቅሳ ነው የጻፈችው፣ ግን በቁጣ አይደለም። አያቷ ከተመለሱ ከብዙ ዓመት በኋላም ሌሊት ይጮኹ ነበር። ቤተሰቡ ጠበል ወሰዳቸው፤ ስለዘመቻው ግን ማንም ጠይቋቸው አያውቅም። ልጆቹ አባታችን ቁጡ ነው ብለው ነው ያደጉት። እሷ ነርስ ከሆነች በኋላ ነው ነገሩን የገመተችው። ወጥ ቤት ነበሩ ብትዪ ጩኸቱን በምን ታስረጂያታለሽ ትላለች። የእኔ አያት አይጮኹም ነበር። ግን በር በኃይል ሲዘጋ ከተቀመጡበት ይነሱ እንደነበር አስታውሳለሁ። እኛ ልጆች ሆነን በዚያ እንስቅ ነበር።

14ኛው ከደሴ ነው፤ ከሁሉም ረጅሙን እሱ ጻፈ። በደርግ ጊዜ አያቱ ሜዳሊያቸውን በጨርቅ ጠቅልለው ጤፍ ጎታ ውስጥ ቀበሩት። ፎቶዎቹን አቃጠሉ። መንግሥት ከሰሜን ኮሪያ ጋር ወዳጅ ሆኗል፤ ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ፊት ለፊት ያለው የትግላችን ሐውልት ራሱ በሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች እጅ ነው የተሠራው። ሰሜን ኮሪያን የወጋ ሰው በዚያ ወቅት ደረቱን ነፍቶ መሄድ አይችልም። አያትየው 1983 ላይ መንግሥት ሲለወጥም ወዲያው አላወጡትም። ሲያወጡት ሪባኑን ነቀዝ በልቶታል። የልጅ ልጃቸው አሁን ሜዳሊያውን ያለ ሪባን በመስታወት አስቀምጦታል። አዲስ ሪባን ግዛለት ሲሉት እምቢ አለ። የተበላው ሪባንም የአያቴ ታሪክ ነው ይላል። ስለዚህ የእኛ ቤት ፎቶ ለምን አንድ ብቻ እንደሆነ እናቴን ጠየቅኋት። እሷም እንደ እሱ አያት የተቃጠሉ እንዳሉ ነገረችኝ። ይቺ አንዷ የተረፈችው አያቴ ሴቲቱ በነጠላቸው ጫፍ ቋጥረው ስለደበቋት ነው።

15ኛው ይህን አልተቀበለም። ሁሉም አልደበቀም፤ የእኔ አባት በደርግም ጊዜ ሠራዊት ውስጥ አገልግለዋል፣ ማንም አልነካቸውም አለ። 14ኛውን አጋንነሃል ሲለው 14ኛው ተቆጣ። 16ኛው በመሃል ገብቶ ነገሩን ወደኋላ ወሰደው። የቃኘው ሰዎች ችግር ከደርግም በፊት ነው የጀመረው ይላል። ቃኘው የተውጣጣው ከክብር ዘበኛ ነው። በታኅሣሥ 1953 በጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ የሚመራው ክብር ዘበኛ መፈንቅለ መንግሥት ሞክሮ ሲከሽፍ፣ ኮሪያ አብረው የተሰለፉ ሰዎች ጥርጣሬ ውስጥ ወደቁ። ታሰሩ፣ ተበተኑ። ስለዚህ አንዱ ሰባት ዓመት ሙሉ የተከበረበትን ነገር በአንድ ሳምንት ሊያፍርበት ተገደደ። አንዱ ደግሞ ምንም ሳይደርስበት ኖረ። እኔም እንደ 16ኛው ነው የማስበው፤ የ14ኛው ቤትና የ15ኛው ቤት ታሪክ አንዱ ሌላውን አያፈርስም።

ከ17ኛ እስከ 19ኛ ያሉት ከርዕሱ ወጥተዋል። 17ኛው ኮሪያ ለዘማቾች ልጅ ልጆች የምትሰጠውን የትምህርት ዕድል እንዴት እንደሚገኝ ጠየቀ። 18ኛው የዘማች ቤተሰብ መሆኑን የሚያሳይ ወረቀት ይዞ የዘማቾቹን ማኅበር እንዲጠይቅ መከረው። 19ኛዋ ተበሳጨች። ልጅ ቅድመ አያቷን ልታውቅ በምትጠይቅበት ቦታ ስለ ቪዛ ታወራላችሁ አለች። እኔ አልተከፋሁም። አያቱ የተዉለት ሌላ ነገር ከሌለ ልጁ ይህን ቢፈልግ ምን ይደረጋል? ይልቅ ወረቀት ፍለጋ ሲሄድ ስለ አያቱ የሆነ ነገር ሊሰማ ይችላል።

20ኛው መልስ ላይ ቆም ልበል። ጸሐፊው የአያቱን የኮሪያ ታሪክ ሲሰማ ነው ያደገው። ኮረብታ ስለያዙበት፣ ጠላት ስለከበባቸው። ለልጁም እንዲሁ ነገረ። ልጁ በትምህርት ቤት ቆሞ ተናገረ፣ ተጨበጨበለት። በኋላ ወረቀቱ ሲገኝ አያትየው አራተኛው ቃኘው ናቸው። አራተኛው የሄደው ተኩስ ከቆመ በኋላ ነው፤ ውጊያ አልነበረም። ልጁ ለቀናት አባቱን አላናገረም። ውሸታም ነበሩ ወይ ብሎ ጠየቀ። አባትየው ምን እንደሚል ጠፋው። እዚህ የመጣውም ምክር ፍለጋ ነው።

21ኛዋ መለሰችለት፣ በጥሩ ሁኔታ። ተኩስ ቆመ ማለት ሰላም ሆነ ማለት አይደለም አለች። ግንባሩ ላይ ቆሞ የሚጠብቅ ሰው ያስፈልግ ነበር፣ አገሩም ፈርሷል፣ ወላጅ አልባ ሕፃናት በየመንገዱ ነበሩ። የኢትዮጵያ ወታደሮች ዶንግዱቾን ላይ የሙት ልጆች ማሳደጊያ ይረዱ ነበር፤ ልጆቹን አብልተው፣ አልብሰው፣ አብረው አድረው። ያን ከተማ የጠበቁት እነዚህ በኋላ የሄዱት ናቸው። ስለዚህ ለልጁ የሚነገረው ነገር አለ፤ እንዲያውም ለ10 ዓመት ልጅ ከኮረብታው ይልቅ የሚቀርበው ይህኛው ነው። አያትየው የሌላውን ሰው ውጊያ እንደራሳቸው ለምን እንዳወሩት ግን ማንም አልመለሰም። እኔ እንደሚመስለኝ ሰፈር ውስጥ ኮሪያ ሄደህ ምን ሠራህ ሲሏቸው፣ ሕፃን አበላሁ ቢሉ የሚያከብራቸው አልነበረም። ይህ ደግሞ የሳቸው ብቻ ጥፋት አይደለም፤ ምን መስማት እንደምንፈልግ እኛው ነን የነገርናቸው።

22ኛው ኮሪያ የሚማር ወጣት ነው። ቹንቾን የሚባል ከተማ ውስጥ የኢትዮጵያ ዘማቾች መታሰቢያ አለ። ሐውልቱ በ1960 ሲመረቅ ንጉሡ ራሳቸው ተገኝተዋል። አጠገቡ በ1999 የተከፈተ አዳራሽ አለ፤ ጣሪያው እንደ ጎጆ ቤት ነው። ከሐውልቱ ምረቃ ዘመን ጀምሮ የቆየ የኢትዮጵያ ቡና ቤትም አለ። በክረምት ሲሄድ በረዶው እስከ ቁርጭምጭሚቱ ደረሰ። አዳራሹ ውስጥ ያሉት ወታደሮች ፎቶ ላይ ከእሱ ያነሱ ልጆች ነበሩ። ልጄ ዕድሜያቸውን እንድጠይቅ አስገደደችኝ። እናቴ እንዳለችው አያቴ ሲሄዱ 22 ዓመታቸው ነበር። የአክስቷ ልጅ 22 ዓመቱ ነው፤ ገና ልብሱን እናቱ ናት የምታጥብለት። ልጄ ከዚያ በኋላ አባባ ስትል ድምጿ ተለወጠ።

23ኛዋ ስለ ሚስቶቹስ ለምን ማንም አያነሳም ብላ ጠየቀች። ነርሶች መሄዳቸውንም አስታወሰች፤ ግን ዋናው ነጥቧ እቤት የቀሩት ናቸው። ዓመት ሙሉ ደብዳቤ ሲጠብቁ፣ ልጅ ሲወልዱ፣ በሬዲዮ የኮሪያ ስም ሲነሳ ሥራ ትተው ሲሮጡ። ይህን አንብቤ 1ኛው መልስ ትዝ አለኝ። ቅዳሜ እናቴ ቤት ሄድን። ልጄ ጥያቄዎቿን በደብተር ጽፋ ነበር። ቡናው ተፈላ፤ እናቴ ጀመረች።

እናቴ የተወለደችው አባቷ ኮሪያ እያሉ ነው። ይህን አውቅ ነበር። የማላውቀው ስሟን ነው። አባቷ ከግንባር ስም አውጥተው በደብዳቤ ልከው ነበር። ደብዳቤው ሲደርስ ግን ሰማንያ ቀኗ አልፎ ክርስትና ተነስታለች፣ እናቷም ሌላ ስም አውጥተውላታል። ተመልሰው ሲመጡ ለረጅም ጊዜ በላኩት ስም ነበር የሚጠሯት። እሷ ደግሞ አትዞርም። ሰውየውን አታውቃቸውም፣ ስሙንም አታውቀውም። ሌላ ሰው እየጠሩ ይመስላት ነበር። እናቴ ይህን ስትናገር ልጄ መጻፍ አቆመች። ከዚያ ያ ስም ምን እንደነበር ጠየቀች። እናቴ ነገረቻት። ስሙ እኛው ቤት ይቅር።

ከዚያ ወዲህ ልጄ ስለ ጠመንጃ የምትጠይቀው ቀንሷል። ስለ ደብዳቤው ነው የምትጠይቀው። በማን በኩል መጣ? ስንት ጊዜ ይፈጃል? ማን አነበበላቸው? ቅድመ አያቷ ሴቲቱ ማንበብ አይችሉም ነበርና የሰፈሩ ጎረቤት፣ አንድ ዲያቆን፣ ነበር የሚያነበው። ወታደሩም ዲያቆን እንደሚያነበው እያወቀ ነው የጻፈው። ለሚስቱ ምን ያህል ሊል ይችላል?

24ኛው መልስ ዘግይቶ ነው የመጣው። ጸሐፊው ትልቅ ሰው ነው፣ የዘማች ልጅ። የልጄን ያን የማታ ጥያቄ እሱ ራሱ አባቱን በቀጥታ ጠይቆ ነበር፣ ካደገ በኋላ። አባቱ አልተቆጡም። የነገሩት ይህን ነው፤ አብዛኛው ሥራቸው የሌሊት ቅኝት ነበር። ጨለማ ውስጥ ተኝተው ድምፅ ይጠብቃሉ። ድምፅ ሲመጣ ወደ ድምፁ ይተኩሳሉ። ከዚያ ዝም ይላል። ንጋት ላይ ወደ ምሽጋቸው ይመለሳሉ። ሰው መትተው ይሁን አይሁን ራሳቸውም አላወቁም። ከሁሉ የከበዳቸውም ይኸው ነበር።

ለልጄ ይህን አነበብኩላት። ስለ ሌላ ሰው አባት እንደሆነ አስረዳኋት፤ የእኛው አባባ ምን እንዳደረጉ አይታወቅም፣ ምናልባት እሳቸውም አያውቁም አልኳት። ዝም ብላ ቆየች። ሌሊት በበረዶ ላይ ሲተኙ ብርድ ልብስ ይሰጧቸው እንደሆነ ጠየቀችኝ። ይህን የሚያውቅ ካለ ይንገረን፤ የምሬን ነው።

25ኛው የመቅጃ ምክር ነው። ሽማግሌ ሲያወራ ስልኩን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጡት፣ ፊታቸው ላይ አትደቅኑት። ዓመተ ምሕረት ሲሳሳቱ አታርሙ፤ በኋላ ይታረማል። በመሃል ዝም ሲሉ ቶሎ ሌላ ጥያቄ አትጨምሩ። 26ኛው ደግሞ አፍንጮ በር ያለውን የኮሪያ ዘማቾች መታሰቢያ ጠቆመ። በሕይወት ያሉት ዘማቾች አሁን ከ90 ዓመት በላይ ስለሆኑ የሚሄድ ሰው ዛሬ ነገ አይበል ይላል።

የ14ኛውና የ20ኛው ቤተሰቦች በሚቀጥለው ቅዳሜ ልጆቻቸውን ይዘው አፍንጮ በር ሊመጡ ተስማምተናል። የደሴው ሰው በዋዜማው ይገባል። 15ኛውንም ጋብዘነዋል፣ ገና አልመለሰም። መምጣት የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ። ፎቶውን ከፊትም ከኋላም አንስቼ ከዚህ በታች አያይዣለሁ። አያቴ ከግራ ሁለተኛው ናቸው። ሌሎቹን አራቱን እናቴ አታውቃቸውም። ከሁለተኛው ቃኘው የሆነ አባት ወይም አያት ያላችሁ፣ እስኪ ፊታቸውን እዩልኝ።